ክረምቱ ሳይገባ ጣሪያውን እንመልስ፤ ለሴቶች የመጻፊያ ቤታችን የቀረበ የድጋፍ ጥሪ

ውድ የቤታችን ወዳጆች፣ እንደምን ከረማችሁ?

ጣሪያው ከወደቀበት ከነሐሴ ጀምሮ ደጋግመን ጽፈንላችኋል። ደጋግሞ መጠየቅ ይከብዳል። አንዳንዶቻችሁ ስልካችንን አይታችሁ ዝም የምትሉት እንደደከማችሁ እናውቃለን፤ እኛም ደክሞናል። ግን መጋቢት እየተጋመሰ ነው። በጣሪያው ፋንታ የወጠርነው ሸራ በነፋስ ተቀዷል። ሰኔ ከገባ በኋላ ገንዘብ ቢገኝም አናጢ ዝናብ ላይ አይሠራም። ስለዚህ አሁን መጻፍ ግድ ሆነብን።

ቤቱን ታውቁታላችሁ። ጉለሌ ያለው፣ የቤቱ ባለቤት የሆኑት እናታችን ያለ ኪራይ የሰጡን የጭቃ ቤት ነው። አራት ጠባብ ክፍል አለው። በየክፍሉ ጠረጴዛ፣ ወንበር፣ መብራትና ከውስጥ የሚቆለፍ በር አለ። አምስተኛው ክፍል የልጆች ነው። መጻፍ የምትፈልግ ሴት ልጇን ይዛ ትመጣለች፤ ልጁን ለሞግዚቷ ትሰጥና ገብታ በሩን ትዘጋለች። እስክትወጣ ድረስ ማንም አያንኳኳም። የቤታችን ደንብ ይኸው ነው።

ነሐሴ ላይ የወረደው በረዶ አሸንዳውን ሞላው። ውሃው መውጫ ሲያጣ በቆርቆሮው ሥር ገባ። ምስጥ ውስጥ ለውስጥ የበላው ወጋግራ አልቻለውም። ሁለት ክፍሎች ላይ ያለው ጣሪያ ከነኮርኒሱ ወረደ። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ሰው አልተጎዳም፤ በክፍሎቹ ውስጥ የነበሩት ቡና ተጠርተው ወጥተው ነበር፤ ልጆቹም መክሰስ ላይ ነበሩ።

በአንደኛው ክፍል መሳቢያ ውስጥ የነበሩት ደብተሮች ግን በውሃ ራሱ። ባለቤታቸው ነርስ ናት፤ ብዙ ጊዜ የሌሊት ተረኛ ነች። ጠዋት ከሥራ ወጥታ በቀጥታ እኛ ጋ ትመጣና ከመተኛቷ በፊት ትጽፋለች። ባለ ሃምሳ ሉክ ደብተሮች ናቸው፤ በሰማያዊ እስክሪብቶ ከዳር እስከ ዳር ሞልተው የተጻፉ። ቀለሙ ሟሙቶ ከመስመሩ ወጥቷል። ገጹን አንድ በአንድ እየለየን በየመሃሉ ጋዜጣ ከተትን። ከዚያ በልብስ ማስጫው ገመድ ላይ በመቆንጠጫ ሰቀልነው። ፀሐይ ስትጠፋ ከሰል አቀጣጥለን ምድጃው ዳር ዘረጋነው። ያ ልብወለድ ዛሬም ጭስ ጭስ ይሸታል፤ ግን ይነበባል። ያልተረፈው ሦስተኛው ምዕራፍ ብቻ ነው። አሁን እንደገና እየጻፈችው ያለችው የሥራ ቦታዋ የልብስ መቀየሪያ ክፍል ውስጥ፣ ሰው ሲገባ ደብተሩን በጋዎኗ እየሸፈነች ነው።

ብዙ ሰው የሚጠይቀን ጥያቄ አለ። «ለምን ቤታቸው አይጽፉም?» ይሉናል። ከልባቸው የሚጠይቁ አሉና ከልባችን እንመልስ።

አባት ሲጽፍ «ዝም በሉ፣ አባታችሁ ሥራ ላይ ነው» ይባላል። እናት ስትጽፍ ግን «እማዬ፣ ካልሲዬ የታለ?» ነው የሚባለው። ይህን የሚለው ልጅ ጥፋት የለበትም፤ እናቱ የምትቋረጥ ሰው እንደሆነች አድርገን ያሳደግነው እኛ ነን። ብቻዋን የምትኖረውም አላመለጠችም። የግቢ ኪራይ ቤት ነው ያለችው። አከራይዋ መብራት ለምን እስከ እኩለ ሌሊት በራ ብለው ያንኳኳሉ። ጎረቤት ቡና ይጠራታል። እኛ ቡናውን አንጠላም፤ እንወደዋለን። ግን አቦሉ ላይ ደርሶ ሳይቀመጡ መነሳት ነውር ነው፤ እስከ በረካ ከተቆየ ደግሞ ከሰዓቱ ሄደ። ቀረሁ ብትል «ምን ሆና ነው? ተቀየመች እንዴ?» ይባላል። ካፌ ትሂድ ካላችሁ፣ ገና ሻዩ ሳይመጣ «እህት፣ ብቻሽን ነሽ? መቀመጥ ይቻላል?» የሚል ይመጣል።

ከመካከላችን አንዷ ከዓረብ አገር የተመለሰች ናት። እዚያ ስትሠራ የምትተኛው ከአሠሪዎቿ ልጆች ጋር ነበር። ግጥሞቿን ሌሊት ብርድ ልብስ ውስጥ ገብታ፣ የስልኳን መብራት ቀንሳ ትጽፍ ነበር። እዚህ መጥታ መጀመሪያ ክፍሉ ውስጥ ስትገባ ምንም አልጻፈችም። በሩን ቆልፋ ጠረጴዛው ላይ እጇን ዘርግታ ተቀመጠች፣ በቃ። እንደዚያ መቀመጥም የመጻፉ ግማሽ እንደሆነ የጻፈ ያውቀዋል። ዓረፍተ ነገር የሚመጣው ሰው እንደማይጠራህ እርግጠኛ ስትሆን ነው።

ይህ ከውጭ የመጣ ቅንጦት ነው ለሚሉን ወገኖች ደግሞ አንድ ነገር እናስታውስ። በጎጃም የቅኔ ቤት ተማሪው ቅኔ የሚቆጥረው፣ ማለትም የሚደርሰው፣ የት ነው? ከሰው ተለይቶ፣ ጫካ ገብቶ፣ ዛፍ ሥር ብቻውን ተቀምጦ ነው። ሁለት ቤት፣ ማለትም ሁለት ስንኝ፣ ያላትን ጉባኤ ቃና የምትባል አጭር ቅኔ ለመቁጠር ጀማሪው ቀኑን ሙሉ ቢውል ማንም ሰነፍ አይለውም። ሲመሽ ተመልሶ ለየኔታ ይነግራል። ምን ይበላል? ደበሎውን ለብሶ፣ አኮፋዳውን አንግቶ፣ ውሻ እየተከላከለ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ደጅ ለደጅ የለመነውን ነው። ቁራሹን የሚሰጠው መንደሩ ነው። የሚሰጡት እናቶች ናቸው። እንጀራውን የጋገሩትም እነሱው ናቸው።

እንግዲህ ይህች አገር ቅኔ የሚቆጥር ሰው ብቻውን እንዲሆን መተውን፣ ብቻውን ሲሆንም ማብላትን ከጥንት ታውቅበታለች። የኛ ጥያቄ ይኸው ነው፤ ያው ቁራሽ ለሴቲቱም ይድረሳት። ዓይናቸው የማያየው እማሆይ ገላነሽ ሐዲስ እዚያው ጎጃም ከአባታቸው ቅኔ ተምረው ለወንዶቹ የቅኔ መምህር ሆነዋል። ስማቸው እስከ ዛሬ በአድናቆት ይነሳል። ቦታ ቢያገኙ እንደሳቸው ሊሆኑ ይችሉ የነበሩ ስንቶች ቡና ሲያፈሉ እንደቀሩ የሚነግረን የለም።

ወይዘሮ ስንዱ ገብሩን ሁሉም ሰው እ.ኤ.አ. በ1957 ፓርላማ በተመረጡ የመጀመሪያዋ ሴትነታቸው ያውቃቸዋል። በጣልያን ወረራ ጊዜ አዚናራ በምትባል የጣልያን ደሴት ታስረው የተመለሱ፣ የእቴጌ መነን ትምህርት ቤትን የመሩ ትልቅ ሰው ናቸው። ድርሰትና ተውኔት መጻፋቸውን ግን ስንቶቻችን እናነሳለን? እህታቸው እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ ደግሞ ኢየሩሳሌም በሚገኘው ገዳማችን፣ በትንሽ ክፍላቸው ውስጥ፣ ከፒያኖአቸው ጋር ብዙ ዓመት ኖረው እ.ኤ.አ. በ2023 አረፉ። ዜማቸው ዓለምን ዞሯል። ምንኩስና ጸጋ ነው። ግን ጸጥታ ለማግኘት እያንዳንዷ ሴት መመንኮስ የለባትም።

አሁን ወደ ገንዘቡ። «ባለፈው ዓመት የሰጠነው የት ገባ?» የሚል ቃል ደርሶናል። መጠየቃችሁ ተገቢ ነው፤ የምናፍርበት ነገር የለንም። ግድግዳው በጭድና በጭቃ እንደገና ተለሰነ፤ ድምፅ እንዳያሳልፍ ወፍራም አደረግነው። አራት በር ከነቁልፉ ተገዛ። ሮቶ ተተከለ። የቀረው ለሞግዚቷ ደመወዝ ዋለ። «የሞግዚት ደመወዝ ከመጽሐፍ ጋር ምን አገናኘው?» ያሉን አሉ። ሁሉ ነገር ነው ያገናኘው። እሷ ባትኖር ከቤታችን የወጡት ሁለቱ የአጭር ልብወለድ መጽሐፎችና የግጥሙ መድበል አይወጡም ነበር። ባለፈው ዓመት ረቂቃቸውን የጨረሱት እህቶች ሁሉም የልጅ እናቶች ናቸው። «ጣሪያውን ለምን አላስቀደማችሁም?» ለምትሉ፣ አናጢ አስወጥተን አሳይተናል። ሁለት ክረምት ይችላል ብሎን ነበር። ምስጡ ከውጭ አይታይም ነበር። በነበረን ብር በርና ሞግዚት ማስቀደማችን ትክክል ነው፤ ዛሬም ቢሆን እንደዚያው እናደርጋለን።

ታኅሣሥ ላይ ያሰብነው የመጻሕፍት ምሽት መሰረዙን ሰምታችኋል። አዳራሹን የፈቀዱልን ሰዎች ዝግጅቱ ሲቃረብ ሐሳባቸውን ቀየሩ። ትኬት ለገዙት ብራቸው ተመልሷል። ከዚያ በኋላ መዋጮው ቆመ ማለት ይቻላል።

የሚያስፈልገው ጠቅላላ ወጪ 420,000 ብር ነው። እስካሁን የተሰበሰበው 138,000 ብር ነው። ከዚህ ውስጥ በ96,000 ብር ባሕር ዛፍና ሞራሌ ተገዝቶ በረንዳው ላይ ተከምሯል፤ ምስጥ እንዳይነካው መድኃኒት ተቀብቷል። ቀሪው 42,000 ብር ባንክ ነው። የጎደለን 282,000 ብር ነው። ለ72 ቆርቆሮ፣ ለአሸንዳ፣ ለኮርኒስ፣ ለሚስማርና ለሠራተኛ የሚውል ነው። ደረሰኙን ማየት የሚፈልግ ቅዳሜ ጠዋት መጥቶ መዝገቡን ይግለጥ፤ ሁሉም በቀኑ ተያይዟል።

የምትልኩት በኢትዮጵያ ንግድ ባንክ በማኅበራችን ስም ወደተከፈተው ሒሳብ ነው። ቁጥሩ ከዚህ ደብዳቤ ጋር በተያያዘው፣ ማኅተም ባለበት ወረቀት ላይ አለ። ከሒሳቡ ገንዘብ የሚወጣው በሦስት ሰው ፊርማ ብቻ ነው። እባካችሁ፣ በማንም ግለሰብ ስም ወዳለ ሒሳብ አትላኩ። የኮሚቴ አባል ነኝ የሚል ሰው በግል ስልኩ ቴሌብር ላኩልኝ ቢላችሁም አትላኩ፤ እንደዚያ የምንጠይቅ ሰዎች የለንም። አሜሪካ፣ አውሮፓና ዓረብ አገር ያላችሁም በዚያው ሒሳብ በባንክ በኩል ላኩ።

ለጉልላት ሲጠየቅ የሰጣችሁ፣ ለመስጊድ ሲጠየቅ ያልሰሰታችሁ፣ የዕድር ድንኳን ሲቀደድ ሳይነገራችሁ ያዋጣችሁ ሰዎች ናችሁ። የጾሙን ምጽዋት፣ የሰደቃውን ድርሻ ለዚህ ብታውሉት ከዚያ አያንስም። የምትጽፈው ሴት የናንተው እህት ናት፤ የምትጽፈውም የናንተኑ ሰፈር፣ የናንተኑ እናት ነው። ገንዘብ ባይኖራችሁ አንድ ቆርቆሮ፣ አንድ ኪሎ ሚስማር እንቀበላለን። አናጢነት የምትችሉ፣ ጉልበታችሁን አንድ ቅዳሜ ስጡን። ልጅ መያዝ የምትችሉ እናቶች፣ ሞግዚቷ ብቻዋን ናትና ብትመጡ ታሳርፏታላችሁ።

ሥራውን ከፋሲካ ማግስት ለመጀመር፣ ግንቦት ሳያልቅ ለመጨረስ ከአናጢዎቹ ጋር ተስማምተናል። ቆርቆሮ ሻጩ ዋጋውን ያቆየልን እስከ ሚያዝያ መጨረሻ ነው። ስለዚህ ለመላክ ያሰባችሁ ቶሎ ላኩ። በድጋሚ፣ ሒሳቡ በማኅበሩ ስም ነው፤ ቁጥሩ በተያያዘው ወረቀት ላይ አለ። ስትልኩ «ለጣሪያ» ብላችሁ ጻፉበት። ደረሰኛችሁን አስቀምጡት፤ እኛም የተቀበልንበትን እንሰጣችኋለን።

የመጻፊያ ቤቱ የጥገና ኮሚቴ