የቴአትር ክበብ፦ ሁለት መብራት የጠፋበት ዓመት

እኔ አስተማሪው የምመራው የትምህርት ቤታችን ክበብ ዘንድሮ በ23 ተማሪዎች ጀመረ። ስድስቱ ለሻይና ለዳቦው እንደመጡ አውቃለሁ፤ ግን አንዱም አልወጣም።

የመጀመሪያው መንፈቅ በድምፅና በንባብ ልምምድ አለፈ፤ እሱን ልዝለለው። በሁለተኛው የአየርላንዳዊውን የሾን ኦኬሲን «ጁኖና ጣዎሱ» ለቴሌቪዥን ተሠርቶ አየነው። ቴአትሩ መጀመሪያ የታየው እ.ኤ.አ. በ1924 በደብሊኑ አቤይ ቴአትር ነው። ታሪኩ ግን የ1922 ነው፤ ውጭ የእርስ በርስ ጦርነት፣ ውስጥ ሁለት ክፍል ቤት ውስጥ የተፋፈገ የድሃ ቤተሰብ።

አባትየው «ካፒቴን» ቦይል ይባላል። ባሕር ላይ የወጣው አንዴ ብቻ ነው፤ ያውም በከሰል መርከብ እስከ ሊቨርፑል። ሥራ ተገኘልህ ሲሉት እግሩን ያመዋል። የምታበላው ሚስቱ ጁኖ ናት። ጓደኛው ጆክሰር ደግሞ እሷ ስትመጣ በመስኮት ይሾልካል። የክበቡ ልጆች በሳቅ ፈረሱ። አሁን በክበባችን ሰው ያለውን ሁሉ «ልክ ነህ» የሚል ሰው ስሙ ጆክሰር ነው።

ከዚያ ውርስ መጣላችሁ ተባሉ። ዕቃው በዱቤ ገባ፣ ግራሞፎን ሳይቀር። ኑዛዜው ግን የወራሾቹን ስም አልጠቀሰም፤ ዘመድ ነኝ ባይ ከየቦታው ተነሣና ገንዘቡ ውሃ በላው። ኑዛዜውን ያበላሸው አስተማሪ ነው። ልጆቹ ይቺን አላለፉኝም።

የካፒቴኑ ወንድ ልጅ ጆኒ የትግል ጓዱን አሳልፎ ሰጥቷል። በእመቤታችን ሥዕል ፊት የምትበራውን ቀይ መብራት ካላየ አይረጋጋም። የዱቤው ዕቃ እየወጣ ሳለ ቀይዋ መብራት እልም ስትል የእኛም ክፍል ጨለመ። ልጆቹ የፊልሙ አካል መስሏቸው ትንፋሻቸውን ውጠው ጠበቁ። እኔም ዝም አልኩ። በመጨረሻ አንዷ «ቲቸር፣ መብራት እኮ ሄዷል» አለች።

ቀሪውን በሳምንቱ ጨረስነው። ጆኒን የከዳቸው ጓዶቹ ወስደው ገደሉት። እህቱ ሜሪ ያስረገዛት ሰው ጥሏት ሄዷል፤ ልጄ አባት የለውም ብላ ስታለቅስ፣ ጁኖ ሁለት እናት ይኖረዋል ትላታለች። መድረክ ቢሆን ዓይናችን ካፒቴኑ ላይ ይቀር ነበር። ካሜራው ቀርቦ ሲያሳየን ግን ስቀንበት ስናበቃ እሷን እንዳላየናት ገባን።

ለወላጆች ቀን የመጨረሻውን ትዕይንት ሠራን። ባዶ ክፍል፣ ሁለት ሰካራም፣ ልጁ መሞቱን ያልሰማ አባት። ካፒቴናችን የመጨረሻ ሳንቲሙን ሲጥል ተንከባሎ በወለሉ ሽንቁር ገባ። አንድ አባት ሳቁ፤ ወዲያው አፋቸውን በእጃቸው ያዙ። ሳንቲሙ እስካሁን መድረኩ ሥር ነው።