ለአባቴ፣ ስለ ቀኝ ክንድዎ

ደብረ ብርሃን፣ መጋቢት

ይድረስ ለውድ አባቴ፣

ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? እኔም ልጆቹም እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። በስልክ ስለ ክንድዎ ባነሳሁ ቁጥር ወሬውን ወደ በልጉ ዝናብና ወደ በጎቹ ስለሚያዞሩብኝ በወረቀት መጻፉ ይሻላል አልሁ።

እናቴ የነገረችኝን ልድገመው፤ ካጠፋች ያርሟት። በጥምቀት ማግስት በቅሎዋ ደንብራ ስትጥልዎ ልጓሙን ስላልለቀቁ ክንድዎ ተጎትቶ ከትከሻው ወለቀ፤ ወጌሻው መለሰው። አሁን ጣቶችዎ ይጨብጣሉ፣ አንጓዎም ይታዘዛል፤ ክንድዎን ወደ ጎን ማንሳት ግን አልተቻለም። የትከሻዎ ሥጋ ከስቶ ጋቢው አልቀመጥ ብሎ ይንሸራተታል። ከትከሻው ዝቅ ብሎ በውጭ በኩል ያለው ቆዳ ሲነኩት አይሰማም፤ ሌሊት ግን ያቃጥላል። እርስዎ ታዲያ «ብርድ ነው» ይላሉ። የመንዝ ብርድ ብዙ ኃጢአት አለበት፤ ይህ ግን የእርሱ ሥራ አይደለም።

በመድኃኒት ቤታችን ደንበኛ የሆኑ አንድ የአጥንት ሐኪም ነገሩን አስረድተውኛል። ክንድን የሚያዙት አምስት የነርቭ ሥሮች ከአንገት አጥንቶች መካከል ይወጡና ብብት አካባቢ ተጠላልፈው እንደገና ይከፋፈላሉ። ከእነርሱ አንዱ የላይኛውን የክንድ አጥንት አንገት ዞሮ ክንድ ወደሚያነሳው የትከሻ ጡንቻ ይሄዳል። አጥንቱ ከቦታው ሲወጣ የሚስበው ይህንኑ ነርቭ ነው። ወጌሻ አጥንቱን ወደ ቦታው ይመልሳል፤ የተጎዳውን ነርቭ ግን ማንም በእጁ ሊመልሰው አይችልም። እንደ ጠፍር ያስቡት። ተለጥጦ ብቻ ከሆነ በሳምንታት ወይም በጥቂት ወራት ውስጥ ወደ ነበረበት ይመለሳል፤ ከላይ ደህና መስሎ ውስጡ ከተበጣጠሰ ቀስ ብሎ ያድጋል፤ ፈጽሞ ከተቆረጠ ግን ያለ ቀዶ ጥገና አይገናኝም። ከሁሉ የከፋው ብዙ ጊዜ ከሞተር ብስክሌት በሚወድቁ ወጣቶች ላይ የሚታየው ነው፤ ራስና ትከሻ ወደ ተለያየ አቅጣጫ ሲሳቡ የነርቩ ሥር ከአከርካሪው ይነቀላል። የእርስዎ እጅ መጨበጡ ጉዳቱ እንደዚያ ያልሰፋ መሆኑን ያሳያልና ተስፋ አለኝ። ትከሻ ወልቆ የሚጎዳው ይህ ነርቭ አብዛኛውን ጊዜ ያለ ቀዶ ጥገና ያገግማል።

ታዲያ ለምን ትቸኩያለሽ ይሉኝ ይሆናል። የተጎዳ ነርቭ ሲያድግ በቀን 1 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው፤ በወር ሦስት ሴንቲ ሜትር ያህል ቢሆን ነው። ነርቭ የተቋረጠበት ጡንቻ ደግሞ እየመነመነ ይሄዳል፤ ከዓመት እስከ ዓመት ተኩል ካለፈ ነርቩ ቢደርስም ጡንቻው አይቀበለውም። ቀዶ ጥገና የሚያስፈልግ ከሆነ ጥሩው ጊዜ ከጉዳቱ በኋላ ከ3 እስከ 6 ወር ባለው ውስጥ ነው። ከጥምቀት ወዲህ ቢቆጥሩ ሦስተኛውን ወር ይዘናል። እርስዎ ግን ከፋሲካ በኋላ ይላሉ፤ ከዚያ ከዘር በኋላ ይሆናል፤ ከዚያ ክረምቱ ይገባና መንገዱ ይበላሻል። ዕርፉን ወንድሜ ይያዝ። የአንድ በልግ እርሻ ቢያጣምም እርስዎ ያቀኑታል።

እዚህ መጀመሪያ ራጅ ይነሳሉ፤ ወጌሻው ገጠመ ያሉት በእርግጥ መግጠሙ፣ ስንጥቅም አለመኖሩ የሚታየው በዚያ ነው። በእርስዎ ዕድሜ ትከሻ ሲወልቅ ክንድ የሚያነሱት ጅማቶችም አብረው ሊበጠሱ ስለሚችሉ ያም መለየት አለበት፤ ሁለቱም ክንድን አላነሳ ያሰኛሉ፣ ሕክምናቸው ግን ለየቅል ነው። ካስፈለገ አዲስ አበባ ወስጄ ጡንቻው ውስጥ ቀጭን መርፌ ገብቶ የነርቩን ሥራ የሚለካበትን ምርመራ አስደርግልዎታለሁ። ያማል፣ ግን ቶሎ ያልቃል።

ወጌሻውን አልወቅስም፤ በዚያ ሌሊት ሌላ ማን ነበረ? አሁን ግን ማሸቱና መሳቡ ይቁም። ትከሻው ሳይገጥም ሰንብቶ ከሆነ ከሳምንታት በኋላ በኃይል ሲሳብ አጥንት ሊሰበር፣ የደም ሥርም ሊበጠስ ይችላል። ትኩስ ድንጋይ በጨርቅ ጠቅልላችሁ እንደምታስቀምጡበትም ሰምቻለሁ። የማይሰማ ቆዳ መቃጠሉን አይናገርምና እባክዎ ይተዉት።

ከሱቅ የሚያስመጡት የሕመም ማስታገሻ ለነርቭ ማቃጠል እምብዛም አይረዳም፤ ሲደጋገም ግን ጨጓራና ኩላሊት ይጎዳል፣ ደም ግፊትዎንም ያባብሳል። «የነርቭ ቫይታሚን» የሚባለውን መርፌ በየቀኑ እየሸጥሁ እንዲህ ማለቴ ያስቅ ይሆናል፤ ቫይታሚኑ ላልጎደለው ሰው ግን ጥቅሙ ለእኛ ለሻጮቹ ነው። ለሌሊቱ ማቃጠል ሐኪም በትንሽ መጠን የሚጀምራቸው ሌሎች መድኃኒቶች አሉ፤ እንቅልፍ ስለሚያስይዙና በእርስዎ ዕድሜ ስለሚያዞሩ ግን በጎረቤት ምክር የሚዋጡ አይደሉም። ስኳርም ነርቭ ስለሚጎዳ አብረን እናስመረምራለን። ጠበሉን አይተዉ፤ ሕክምናውን አይከለክልም።

እስኪመጡ ድረስ መገጣጠሚያው እንዳይደርቅ፣ ወገብዎን ጎንበስ አድርገው ክንድዎን ያንጠልጥሉና በቀስታ ያወዛውዙት፤ ሕመሙ ከጠና ያቁሙ። ከፍ አድርጎ ማንሳቱን ግን ራጁ እስኪታይ ያቆዩት።

የጤና መድን ደብተርዎን ይያዙ፤ ከጤና ጣቢያው የሪፈር ወረቀት ያጽፉ፤ ያለ እርሱ ከኪስ ያስከፍሉናል። ከመሐል ሜዳ በጠዋቱ መኪና ይነሱ፣ በቀኝ በኩል በመስኮቱ አጠገብ ይቀመጡ፤ ቀኝ ክንድዎ መተላለፊያው ላይ በሰው እንዳይገፋ በነጠላ ከደረትዎ ጋር ትሰርልዎ ብዬ ለእናቴ ነግሬያታለሁ። መናኸሪያው በር ላይ እጠብቅዎታለሁ።

አክባሪ ልጅዎ