የ55 ቁጥሩን ሰው ታሪክ እስከ መጨረሻው ጻፉልን

ለተከበሩ የጋዜጣው አዘጋጅ፣

ባለፈው እትማችሁ የስፖርት ገጽ ላይ ላይንባከር ስለሚባሉት የአሜሪካ ፉትቦል ተከላካዮች የወጣውን ጽሑፍ አነበብኩት። ልጆቻችን ቀን ከሌት የሚያወሩትን ጨዋታ በአማርኛ ስላስረዳችሁን አመሰግናለሁ። ጥሩ ጽሑፍ ነው። ግን ጁኒየር ሴያው የተነሳበት ቦታ ላይ ስደርስ ከፋኝ። ለሳንዲያጎ ቻርጀርስ የተጫወተ፣ የጨዋታው ታላላቆች የሚከበሩበት የዝና አዳራሽ የገባ ታላቅ ላይንባከር መሆኑን ይናገርና ያልፋል። ሰውየው ገና በ43 ዓመቱ ራሱን ማጥፋቱ አልተጻፈም። ከሞተ በኋላ አንጎሉ ተመርምሮ የተገኘበት በሽታም አልተጻፈም። ለኛ ለወላጆች ዋናው ነገር የተተወው ክፍል ነው።

የምኖረው ሳንዲያጎ ነው። እዚህ ከተማ ሴያውን የማያውቅ የለም። ድሮ ታክሲ ስነዳ እሁድ ከስታዲየም የማሳፍራቸው ሰዎች አብዛኞቹ ጀርባቸው ላይ 55 ቁጥር ያለበት ማሊያ ይለብሱ ነበር። አሁንም ድረስ የሚለብሱት አሉ። ስለዚህ የጎደለውን ልሙላ። ቀኖቹንና ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

የሴያውን አስተዳደግ ያነበበ የኛ ሰው የራሱን ቤት ያይበታል። በ1969 እዚሁ ሳንዲያጎ ተወለደ። ወላጆቹ የአሜሪካን ሳሞአ ሰዎች ናቸው። ልጅ ሳለ ቤተሰቡ ጥቂት ዓመት እዚያው ሳሞአ ኖሮ ነው የተመለሰው፤ እንግሊዝኛ የለመደው ሰባት ዓመት ከሞላው በኋላ ነው። አባቱ ጎማ ፋብሪካ ሠርቷል፣ ትምህርት ቤትም አጽድቷል። እናቱ የጦር ሰፈር መደብርና የልብስ ማጠቢያ ቤት ተቀጥራ ሠርታለች። መኖሪያቸው ከሳንዲያጎ በስተሰሜን ያለችው የባሕር ዳር ከተማ ኦሽንሳይድ ነበረች። እሱና ወንድሞቹ የሚተኙት መኪና ማቆሚያው ጋራዥ ውስጥ ነበር። ቤተ ክርስቲያን የሚሄድ፣ ልጆቹን ጠበቅ አድርጎ የሚያሳድግ፣ ሥራ የማይመርጥ ቤተሰብ። ከኛ ጎረቤቶች በምን ይለያል?

ልጁ ጎበዝ ሆነ። ዩኤስሲ የሚባለው ትልቁ የሎስ አንጀለስ ዩኒቨርሲቲ ወሰደው። እዚያ ሲገባ ኤስኤቲ የሚባለው የኮሌጅ መግቢያ ፈተና ውጤቱ 690 ሆነ። ከሚፈለገው 10 ነጥብ ጎደለው፤ የመጀመሪያውን ዓመት እንዳይጫወት ታገደ። በጣም አፈረ። ወደ ድሮ ትምህርት ቤቱ ተመልሶ አሰልጣኞቹን፣ መምህራኑንና ርእሰ መምህሩን ይቅርታ ጠየቀ። ማንም አላስገደደውም። የሰፈሩን ስም ያሳነሰ መስሎት ነው። ይሄን ሳነብ ስንቱ የኛ ልጅ የወላጆቹን ድካም ጀርባው ላይ ተሸክሞ ክፍል ውስጥ እንደሚቀመጥ ታወሰኝ።

በ1990 ቡድኖች ከኮሌጅ የሚወጡትን ተጫዋቾች በተራ ሲመርጡ ቻርጀርስ በአምስተኛው ተራ ወሰደው፤ ለገዛ ከተማው ቡድን ማለት ነው። ከ1991 እስከ 2002 ያለማቋረጥ 12 ጊዜ የዓመቱ ምርጦች ለሚጠሩበት ፕሮ ቦል ተመረጠ። በስሙ ያቋቋመው ድርጅት የሳንዲያጎ ልጆችን ይረዳ ነበር። ኤንኤፍኤል የሚባለው የፉትቦል ሊግም በ1994 ለሰብዓዊ ሥራው ትልቁን ሽልማት ሰጠው።

ላይንባከር የሚቆመው ከተከላካዮቹ የፊት መስመር ጀርባ ነው። ኳስ ይዞ የሚሮጠውን ይጥላል፣ ኳስ የሚወረውረውን ኳርተርባክ ያሳድዳል፣ ኳስ በአየር ሲመጣ ደግሞ ወደ ኋላ ሮጦ ይሸፍናል። ጨዋታው በተጀመረ ቁጥር ከሰው ጋር መላተም ሥራው ነው። ሴያው ደግሞ ከሌሎቹ ይለይ ነበር። ኳሱ ሳይነሳ አንድ ቦታ አይረጋም። ወደ መስመሩ ይጠጋል፣ ይመለሳል፣ እንደገና ይጠጋል። የአሰልጣኙን እቅድ ትቶ በገዛ ግምቱ ክፍተት ውስጥ ዘሎ የሚገባበት ጊዜ ብዙ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ ግምቱ ልክ ነበር። ሰውየውን ከጣለው በኋላ ቡጢውን አየር ላይ እየወረወረ ይዘላል። ስታዲየሙ ያብዳል።

በጥር 1995 ፒትስበርግ ላይ የተደረገውን ጨዋታ የሳንዲያጎ ሰው አይረሳውም። ሴያው አንገቱ ላይ የተቆነጠጠ ነርቭ ነበረበት። አንገቱ እንደዚያ ሆኖ 16 ታክል አደረገ፤ ኳስ የያዘ ሰው ጣለ ማለት ነው። ቻርጀርስ 17 ለ13 አሸንፎ ለመጀመሪያ ጊዜ የሊጉ ፍጻሜ ጨዋታ የሆነው ሱፐር ቦል ገባ። ሱፐር ቦሉን በሳንፍራንሲስኮ 49 ለ26 ተሸነፉ፤ ሰው የሚያወራው ግን ስለዚያ አንገት ነው። እኔም እንደማንኛውም ደጋፊ በዚያ ጀግንነት ተደንቄያለሁ። ዛሬ ሳስበው ግን ያ ቀን ያስፈራኛል። የነርቭ ጉዳት ያለበት ሰው ያን ያህል ጊዜ በራሱና በትከሻው ሲላተም ሁላችንም አጨበጨብን።

ከቻርጀርስ በኋላ ማያሚ ተጫወተ። በነሐሴ 2006 በቃኝ ብሎ ስንብቱን አወጀ፤ በአራተኛው ቀን ለኒው ኢንግላንድ ፓትሪዮትስ ፈረመ። እስከ 40 ዓመቱ ቀጠለ። በድምሩ 20 ዓመት፣ 268 ጨዋታ። በዚህ ሁሉ ዘመን በሊጉ የጉዳት መዝገብ ላይ ኮንከሽን፣ ማለትም ከምት የሚመጣ የአንጎል መናወጥ፣ ተብሎ አንድም ጊዜ አልተመዘገበለትም። ቤተሰቦቹ ግን ራሱን አሞት ቤት እየገባ መብራት አጥፍቶ የሚተኛባቸው ቀኖች እንደነበሩ በኋላ ተናግረዋል። አብሮት የተጫወተው ላይንባከር ጋሪ ፕላመርም በዚያ ቦታ የሚጫወት ሰው በየጨዋታው ደጋግሞ ኮከብ እስኪያይ እንደሚመታ ሳይደብቅ ተናግሯል።

ጨዋታ ካቆመ በኋላ ሰውየው ተለወጠ። እንቅልፍ አጣ። ይረሳል፣ ይቆጣል፣ ከልጆቹ ይርቃል። ቁማርና የገንዘብ ችግር ተደራረበበት። ግንቦት 2 ቀን 2012 ኦሽንሳይድ ቤቱ ውስጥ ሕይወቱን አጠፋ። የዚያን ቀን እናቱ ቤቱ ደጅ ላይ በካሜራ ፊት ቆመው እኔን ውሰደኝ፣ ልጄን ተውልኝ እያሉ ለፈጣሪ ሲጮኹ በቴሌቪዥን አይተናል። የሚያለቅሱት በሌላ አገር ልማድ ነው፤ ለእኔ ግን የኛ እናቶች ለቅሶ ነበር። ቀባሪው ለእንዲህ ያለ ሐዘን ምን ይላል?

ቤተሰቡ አንጎሉን ለምርምር ሰጠ። በጥር 2013 የአሜሪካ ብሔራዊ የጤና ተቋም ውጤቱን አሳወቀ፤ ሲቲኢ የሚባለው በሽታ ተገኘበት። ይህ በሽታ ለብዙ ዓመት ከተደጋገመ የራስ ምት ጋር የተያያዘ ነው። ታው የሚባል ፕሮቲን ያለ ቦታው አንጎል ውስጥ ይጠራቀማል፤ ቀስ እያለ ይዛመታል። የማስታወስ ችሎታን፣ ጠባይን፣ ራስን የመቆጣጠር አቅምን ይጎዳል። በእርግጠኝነት የሚታወቀው ሰው ከሞተ በኋላ አንጎሉ ሲመረመር ብቻ ነው። ሴያውን የገደለው ይኼው በሽታ ብቻ ነው ማለት አይቻልም። አንድ ሰው ራሱን የሚያጠፋበት ምክንያት አንድ ብቻ አይሆንም። ግን በሽታው እዚያ ነበር።

ወላጆች አጥብቀው እንዲያዩልኝ የምፈልገው ይሄንን ነው። አደጋው ልጁ ራሱን ስቶ የወደቀበት ቀን ላይ ብቻ አይደለም ያለው። ልጁ ተነስቶ ደህና ነኝ ብሎ የሚቀጥልባቸው ትናንሽ ምቶች ይጠራቀማሉ። ሄልሜት የራስ ቅልን ከመሰበር ይጠብቃል። ውስጥ ያለው አንጎል እንዳይናወጥ ግን ማድረግ አይችልም።

በሽታውን በፉትቦል ተጫዋች ላይ መጀመሪያ ያገኘው ናይጄሪያዊው ሐኪም ቤኔት ኦማሉ ነው። በ2002 ፒትስበርግ ውስጥ የቀድሞውን ተጫዋች የማይክ ዌብስተርን አስከሬን ሲመረምር ነው ያገኘው። ሲያሳትመው የሊጉ ሐኪሞች ተነሱበት፤ ጽሑፉ ይሻር አሉ። ከአፍሪካ መጥቶ ስለኛ ጨዋታ ምን ያውቃል የሚል ንቀትም አልጠፋም። በ2017 ደግሞ የቦስተን ዩኒቨርሲቲዋ ዶክተር አን ማኪና ባልደረቦቿ ከመረመሯቸው 111 የቀድሞ የኤንኤፍኤል ተጫዋቾች አንጎል 110ሩ ላይ በሽታውን አገኙ። አንጎሎቹን የሰጡት በአብዛኛው አንድ ነገር የጠረጠሩ ቤተሰቦች ስለሆኑ ሁሉም ተጫዋች ይታመማል ማለት አይደለም። ይሄንንም ተመራማሪዎቹ ራሳቸው ተናግረዋል። በ2019 ያወጡት ጥናት ግን ለወላጅ የበለጠ ይጠቅማል፤ አንድ ተጨማሪ ዓመት በተጫወቱ ቁጥር በሽታው የመገኘቱ ዕድል በ30 በመቶ ገደማ ይጨምራል። በስምንት ዓመቱ የጀመረና በ15 ዓመቱ የጀመረ ልጅ አንድ አይደሉም።

ሊጉ ግንኙነቱን በግልጽ ያመነው በ2016 ነው። ለቀድሞ ተጫዋቾች የተደረገው የፍርድ ቤት ስምምነት እስካሁን ከ1 ቢሊዮን ዶላር በላይ አስከፍሏል። የሴያው ልጆች ከዚያ ስምምነት ወጥተው ለብቻቸው ከሰሱ፤ በ2018 ታረቁ። በ2015 አባታቸው የዝና አዳራሽ ሲገባ ልጁ ሲድኒ ንግግር አዘጋጅታ ነበር። ከሞቱ በኋላ ለሚገቡት ሙሉ ንግግር አይደረግም በሚል ደንብ መድረኩ ላይ አጭር ቃለ መጠይቅ ብቻ ተፈቀደላት። አዘጋጁ ይቅር ይበሉኝና፣ እዚያ መድረክ ላይ የተቆረጠው ታሪክ በናንተ ገጽም ተቆርጧል።

ልጆቻችሁን አታጫውቱ እያልኩ አይደለም። ፉትቦል ስንት የኛን ልጅ ከመጥፎ ጓደኛ አስጥሏል፣ ስንቱን ኮሌጅ አስገብቷል። እኔ የምለው ወላጅ አውቆ ይወስን ነው። በ2015 ክሪስ ቦርላንድ የሚባል የሳንፍራንሲስኮ ላይንባከር አንድ ዓመት ብቻ ተጫውቶ በ24 ዓመቱ አቆመ። ጤናዬ ይበልጣል አለ። መረጃ ስለነበረው ነው። የኛ ወላጆችስ ምን መረጃ አላቸው?

የኔ ልጅ ዘንድሮ ሃይስኩል ይገባል። የቡድኑን ፎርም ይዞልኝ መጣ። ከገጾቹ አንዱ ስለ ኮንከሽን ነው። የካሊፎርኒያ ሕግ ወላጅና ተማሪ በየዓመቱ ይፈርሙበት ይላል። ጽሑፉ ደቃቅ እንግሊዝኛ ነው። ልጁ ጣቱን መፈረሚያው መስመር ላይ አድርጎ «አባዬ፣ ምንም አይደለም፣ ሁሉም ይፈርማል፣ እዚህ ጋ ብቻ» አለኝ። ችግሩ ይኼ ነው። በብዙ ቤት ፎርሙን ለእናትና ለአባት የሚተረጉመው ልጁ ራሱ ነው። ለመጫወት የሚጓጓ ልጅ ደግሞ አደጋውን ጮክ ብሎ አያነብም። እኔ ተቀምጬ አነበብኩት። ማታ ሥራ ገብታ ጠዋት የምትተኛ እናት መቼ ታነበዋለች?

ብታነበው ኖሮ የምታገኘው መብት አለ። በዚህ ስቴት ራሱን ተመትቶ ኮንከሽን የተጠረጠረበት ተማሪ በዚያ ቀን ተመልሶ መጫወት አይችልም። ፈቃድ ያለው የጤና ባለሙያ አይቶ በጽሑፍ ሳይፈቅድም አይመለስም። ኮንከሽን መሆኑ ከታወቀ ደግሞ ቢያንስ የ7 ቀን፣ ደረጃ በደረጃ የሚመለስበት ሥርዓት አለ። የሃይስኩል ቡድን ሙሉ ንክኪ ያለበት ልምምድ በሳምንት ከሁለት ቀን በላይ ማድረግ አይፈቀድለትም፤ በቀን ደግሞ ከ90 ደቂቃ አያልፍም። አሰልጣኙን ስለዚህ መጠየቅ ነውር አይደለም። እኛ አስተማሪ አክብረን ስላደግን መጠየቅ ድፍረት ይመስለናል። ልጆቻችንንም ወንድ ነህ፣ ቻል አድርገው እያልን ነው የምናሳድጋቸው። ራሴን አመመኝ ያለውን ልጅ ቻለው ማለት አይገባም።

ስለዚህ ልመናዬ ይኼ ነው። የሴያውን ታሪክ እስከ መጨረሻው አንድ ገጽ ስጡት። ከጎኑ የኮንከሽን ምልክቶችን በአማርኛ አውጡ፤ ራስ ምታት፣ ማስመለስ፣ ብርሃን መጥላት፣ ግራ መጋባት፣ ያለ ልማዱ መነጫነጭ፣ እንቅልፍ መብዛት ወይም መጥፋት። አንድ ሰው ራሱን ስለማጥፋቱ ስትጽፉም እዚህ አገር በጭንቅ ላይ ያለ ማንም ሰው ቀንም ሆነ ሌሊት 988 ደውሎ እርዳታ እንደሚያገኝ አብራችሁ ጻፉ። በማኅበረሰባችን ነርሶችና ሐኪሞች ሞልተዋል፤ የምታትሙትን እንዲያዩላችሁ ብትጠይቋቸው እምቢ የሚሉ አይመስለኝም። ቡድኖቹ ልምምድ የሚጀምሩት በዚህ አገር በጋ፣ በሰመር መጨረሻ ነው፤ ፎርሙ የሚፈረመው ከዚያ በፊት ነው። ከሐምሌ እትም ባያልፍ ጥሩ ነው።

ከአክብሮት ጋር፣
የሃይስኩል ተማሪ አባት
ሳንዲያጎ፣ ካሊፎርኒያ