ያለ አዛዥ የተሣለ ሥዕል

ይድረስ ለተከበሩ አባቴ፤

ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? እኔ፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደህና ነኝ። ባለፈው በስልክ ስንጫወት፣ የማርክስ፣ የኤንግልስና የሌኒን ግዙፍ ምስሎች አብዮት አደባባይ ላይ ተሰቅለው ያዩበትን ዘመን አንሥተው፣ «ለፖለቲካ ያደረ ሥዕል ሥዕል አይባልም» ብለውኝ ነበር። ነገሩ በስልክ የሚያልቅ ስላልመሰለኝ መልሴን በጽሑፍ ማድረግን መረጥሁ።

ላስተዋውቅዎ የምፈልገው ጂ ቮቸር የምትባል እንግሊዛዊት ሠዓሊ ናት። በ1945 በምሥራቅ ለንደን፣ ዳገናም በተባለው ሰፈር ተወለደች (ዓመታቱን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፍልዎ)። በሥዕል ትምህርት ቤት ከተዋወቀችው ከፔኒ ሪምቦ ጋር ኤሴክስ ውስጥ ዳያል ሀውስ በሚባል የገጠር ቤት ኖረች፤ በሩ ለመጣው ሁሉ ክፍት ከነበረው ከዚያ ቤትም በ1977 ክራስ የተባለው የፓንክ (ጩኸት የበዛበት ዐመፀኛ የሮክ ሙዚቃ) ባንድ ወጣ። የባንዱ አባላት መንግሥትን፣ ጦርነትንና የቤተ ክህነትን ሥልጣን የሚቃወሙ አናርኪስቶች ነበሩ። ሙዚቃቸው ለእርስዎ ጆሮ ጩኸት እንደሚሆን ስለማውቅ ያዳምጡልኝ አልልም፤ ሥዕሉን ግን እንዲያዩልኝ እለምንዎታለሁ።

በ1980 ለወጣው «ብለዲ ሬቮሉሽንስ» ለተባለው የክራስ ሸክላ የሠራችው ሽፋን ከሁሉ ይበልጥብኛል። ሴክስ ፒስትልስ የተባሉትን ዝነኛ ፓንኮች ፎቶግራፍ መነሻ አድርጋ፣ በአራቱ ወጣቶች አንገት ላይ የንግሥት ኤልሳቤጥን፣ የሮማውን ሊቀ ጳጳሳት የዮሐንስ ጳውሎስ ዳግማዊን፣ የማርጋሬት ታቸርንና የፍትሕን ሐውልት ራስ ተክላባቸዋለች። ላየው ሰው ከጋዜጣ ተቆርጦ የተለጠፈ ይመስላል፤ ነገር ግን የልብሱ እጥፋትም ሆነ የፊቱ ጥላ ጉዋሽ በሚባለው፣ በውኃ በሚበጠበጠው ቀለም በብሩሽ የተሣለ ነው። መቀስና ሙጫ በቂ በሆነበት፣ ሁሉም በጥድፊያ በሚሠራበት እንቅስቃሴ ውስጥ፣ እርሷ ቁጣዋን እንዲህ በትዕግሥት መሥራቷ እጅግ ያስደንቀኛል።

ሌላው ያከበርሁላት ሥራው ለማን እንደደረሰ ነው። የክራስ ሸክላ ሽፋን ሲዘረጋ ግድግዳ ላይ የሚለጠፍ ፖስተር ይሆናል፤ በላዩም ከተጻፈው ዋጋ አስበልጦ ማንም እንዳይከፍል የሚያሳስብ ቃል ታትሞበታል። ስለዚህ የሥዕል አዳራሽ ረግጦ የማያውቅ ሥራ አጥ ወጣት ሥዕሏን መኝታ ቤቱ ሊሰቅል ይችል ነበር። ከፖስተሮቹ አንዱ፣ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ለምልመላ የተነገረውን «አገርህ ትፈልግሃለች» የሚለውን ጥሪ፣ በእሾህ ሽቦ ላይ ከተንጠለጠለ የተቆረጠ እጅ ጋር አጣምሮ ያሳያል። ዘፈኑን ያልሰማ ሰው እንኳ ሐሳቡን ከዚህ ያገኘዋል፤ ስለዚህም ቮቸርን የባንዱ አስጌጭ ብቻ የሚሏትን አልቀበልም።

አባባ፣ አብዮት አደባባይ የተሰቀሉትን ምስሎች ያሣለው መንግሥት ነበር፤ በዚያ የኤሴክስ ቤት ግን ሣዪ ብሎ የሚያዛት አለቃም ፓርቲም አልነበረም። እኔ ልዩነቱን እዚህ ላይ አየዋለሁ። ክራስ በ1984 ሲበተንም ብሩሿን አላስቀመጠችም፤ በ1989 የሣለችው፣ ፊቱን በእጆቹ የሸፈነው የነፃነት ሐውልት፣ በ2016 ዶናልድ ትራምፕ ሲመረጡ በዴይሊ ሚረር ጋዜጣ የፊት ገጽ ላይ ወጥቷል።

የሥዕሎቿን ቅጂ ወደዚያ በሚመጣ ሰው እልክልዎታለሁ። መነጽርዎን አድርገው በደንብ ይዩልኝና፣ አሁንም ሥዕል አይባልም የሚሉ ከሆነ ምክንያትዎን ይጻፉልኝ።

አክባሪ ልጅዎ