ኪያሩን ሶስት ቀን ውጪ አታስቀምጡት

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ

ጤና ይስጥልኝ። የምግብ አምዳችሁ ላይ የኮሪያ የኪያር ኪምቺ (በበርበሬ ተለውሶ የሚቦካ ኪያር) ብላችሁ ያወጣችሁትን አይቼ፣ ልጄም በኮሪያ ድራማ አብዳ ካልሰራሽልኝ ብላ ወጥራ ይዛኝ ስለነበር፣ እንዳላችሁት በቤት በርበሬ ለውሼ ሶስት ቀን ኩሽና አስቀመጥኩት። አዳማ እኮ ነው ያለሁት፣ ያውም በመጋቢት! በሶስተኛው ቀን ክዳኑን ስከፍተው ፉሽ አለ፣ ኪያሩ ጣት ሲነካው ይፈርሳል፣ ሽታው ደግሞ ኮረሪማና አብሽ። ልጄ «ማሚ ይሄ የተበላሸ ወጥ ነው» አለችኝና አንድ ኪሎ ኪያር ከነነጭ ሽንኩርቱ ተደፋ።

ኮሪያ ሰርታ የተመለሰች ጎረቤቴ ስነግራት ሳቀችብኝ። ይሄኛው ኦይ ሶባጊ ነው የሚባለው፣ ኦይ ኪያር ማለት ነው፣ እዛም ሙቀት ሲገባ የሚሰራ፣ ቶሎ ተበልቶ የሚያልቅ ነገር ነው። ለብርዱ ወራት የሚቀመጠው የጎመኑ ነው፣ ያ ቤተሰብና ጎረቤት ተሰብስቦ የሚሰራው፣ ዩኔስኮ በ2013 እ.ኤ.አ. የመዘገበው ኪምጃንግ የሚሉት። እናንተ ሁለቱን ደባልቃችሁ ነው መሰለኝ።

አሰራሩ እኮ የኛው ስንግ ነው፣ ቃሪያው በኪያር ተተክቶ። ቀጫጭን ጠንካራ ኪያር መርጣችሁ አበባው የነበረበትን ጫፍ ቆርጣችሁ ጣሉት፣ የሚያልፈሰፍሰው ነገር እዛ ነው ያለው። በጣት ርዝመት ቆራርጣችሁ ከላይ በመስቀል ትሰነጥቁታላችሁ፣ ታች አንድ ሴንቲሜትር ሳይነካ ይቅር፣ አለበለዚያ አራት ቦታ ይበታተናል። ከዛ አንድ ሊትር ውሃ በሲኒ ሙሉ ጨው አፍልታችሁ እንደፈላ ታፈሱበትና ግማሽ ሰአት ያህል ቆይቶ በደንብ ይጠንፈፍ። የፈላ ውሃ አትክልቱን ያበስለዋል ብዬ ፈርቼ ነበር፣ ጭራሽ ሲነከስ ቀጭ የሚያሰኘው እሱ ሆነ።

በርበሬውን በተመለከተ ተዉን በቃ። የነሱ በርበሬ፣ ጎቹጋሩ የሚሉት፣ ቅመም የሌለበት፣ ፍሬው ወጥቶ ሻከር ተደርጎ የተፈጨ ነው። እኔ ገበያ ሄጄ የማረቆ ዛላ ገዛሁ፣ ሰንጥቄ ፍሬውን አራገፍኩና ሙቀጫ ውስጥ ወቀጥ ወቀጥ አደረግኩት፣ እንዳይደቅ ነው ነገሩ። ሚጥሚጣማ አይሞከርም። በሱ ላይ ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብል፣ የተላገ ካሮት፣ ትንሽ ስኳር፣ የነሱን ቅጠል ሽንኩርት ስላጣሁ ደግሞ ባሮ በቀጭኑ ከትፌ ለወስኩትና የኪያሩ ስንጥቅ ውስጥ ጠቀጠቅኩት። የአሳ ሶስ ይገባበታል፣ ሁዳዴ ስለሆነ ተውኩት፣ ጨው ጨመር አደረግኩ፣ የጎደለ ነገር ያለ አልመሰለኝም፣ ጎረቤቴ ግን ትንሽ ፊቷን አጨማደደች።

እርሾ ምናምን አይጨመርበትም፣ የሚያቦካው እዛው አትክልቱ ላይ ያለው ባክቴሪያ ነው፣ እሱ ደግሞ በሙቀት ይፈጥናል። ስለዚህ ለኛ አገር ጠዋት የተሰራ ማታ ፍሪጅ ይግባ ብላችሁ አርሙት፣ መብራት ከጠፋ ደግሞ በዛው ቀን ይበላ፣ ሳይቦካም ይጣፍጣል። በሳምንት ውስጥም ይለቅ።

እግረ መንገዳችሁን ማሰሮው እስከ አፉ አይሞላ የሚለውንም ጨምሩበት። ውሃው ወጥቶ ይገነፍላል፣ የኔ ፍሪጅ መደርደሪያ እስካሁን ቀይ ነው።

አንባቢያችሁ፣ ከአዳማ