ዶሮ ወጡን ተይውና የጾም ላኪ
(ደብዳቤ ለልጄ)

ይድረስ ለምወድሽ ልጄ፣

ለጤናሽ እንደምን ከርመሻል? ሚጡስ እንዴት ናት? እኛ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነን። የደሴ ብርድ ብቻ ጉልበቴን ይዞኛል። እሱም የለመድነው ነው፣ አታስቢ።

እሑድ ስትደውዪ ኔትወርኩ እየተቆራረጠ በወጉ ሳላወራሽ ቀረሁ። የሚጡ ትምህርት ቤት «የባህል ቀን» አለው አልሽኝ። እያንዳንዱ ልጅ የአገሩን ምግብ ይዞ ይመጣል። «እማዬ፣ ዶሮ ወጥ ልሥራላት ወይስ ክትፎ?» ስትዪኝ ስልኩ ተቋረጠ። ባይቋረጥም ባጭሩ የምመልሰው አልነበረም። ወደ ቶሮንቶ የሚመጣ ሰው ስላገኘሁ ይኸው ከበርበሬው ጋር ይህን ጻፍኩልሽ።

አረንጓዴውን ድስት ታስታውሺዋለሽ? ሐይቅ ከተማ፣ አያትሽ ቤት የነበረውን። ጆሮው ላይ ቀይ ክር የታሰረበት። ያ ድስት የአክስቴ ነበር። አክስቴ ባቲ ሙስሊም አግብታ ሰልማ እንደነበር ታውቂያለሽ። ለበዓል ከነባሏ ከነልጆቿ ትመጣለች። ድስቷ፣ ቢላዋ፣ ስድስት ሳህኖቿ እናቴ ቤት ለብቻ ይቀመጣሉ። በጉን ባሏ በቢስሚላህ ያርደዋል። የኛውን አባቴ በስመ አብ ብሎ ያርደዋል። ግቢው አንድ ነው። ልጆች እንኳ የትኛው ሳህን የማን እንደሆነ እናውቅ ነበር፣ ማንም ተቀምጦ አላስተማረንም።

ያኔ ሰባት ዓመትሽ ነበር። የፋሲካ ማግስት ነው። እነ አክስቴ በነጋታው ይመጣሉ። አንቺ ልታግዢ ብለሽ የተረፈውን ዶሮ ወጥ ባረንጓዴው ድስት ገልብጠሽ ምድጃ ላይ ጣድሽው። እናቴ ገባች። አልጮኸችም። ነጠላዋን አጣፍታ ድስቱን አወረደችው። አንቺ ደንግጠሽ ታለቅሻለሽ። «እማማ፣ አጥቤ እመልሰዋለሁ፣ አያዩም እኮ» አልሻት። «እነሱ ባያዩ እኔ አይቻለሁ» አለችሽ። ከዚያ ክሩን በጥርሷ በጥሳ ፈታችው። ድስቱ ከዚያ ቀን ጀምሮ የኛ ሆነ።

በጠዋት ገበያ ወጥታ አዲስ ድስት ገዛች። ያንኑ ቀይ ክር አሰረችበት። አክስቴ ስትመጣ ገና ቡናው ሳይፈላ ነገሩን ሁሉ ነገረቻት፣ አንቺው ፊት። አክስቴ ስቃ ጉንጭሽን ሳመችሽ። «አብሽሪ የኔ ሆድ» አለችሽ። ስሚኝ ልጄ፣ አክስቴ እናቴ ቤት ስትበላ «ይሄ የማን ነው?» ብላ አንድም ቀን ጠይቃ አታውቅም። ለምን እንዳልጠየቀች የገባኝ ያን ቀን ነው።

ስለ ወሎ ሲወራ ሰው ሁሉ «ተቀላቅለው፣ ልዩነት ሳያውቁ የሚኖሩ» ይላል። ቴሌቪዥኑም እንዲያ ነው የሚለን። እኔ ግን እዚሁ ተወልጄ እዚሁ ሳረጅ ያየሁት ሌላ ነው። ልዩነቱን ከማንም በላይ እናውቀው ነበር። የጎረቤታችን ጾም መቼ እንደሚገባ፣ ረመዳን ስንት ቀን እንደቀረው፣ ማን ምን እንደማይበላ፣ የማን ቤት ሐዘን ስንተኛ ቀኑ እንደሆነ እናውቃለን። ለሠርግ ሁለት ወጥ ቤት ይጣላል። እናቶች ለሁለቱም ሽንኩርት አብረው ይከትፋሉ፣ ሥጋው ላይ ሲደርሱ ይለያያሉ። ወዳጃ፣ ማለት የጋራ ዱዓ፣ ሲኖር እኛም ቡናው ላይ እንቀመጣለን። ሽማግሌው ሲመርቁ እነሱ አሚን፣ እኛ አሜን እንላለን። ማንም ማንንም አያርምም።

ይህን ስጽፍ ልቤን የሚከብደው ነገር አለ፣ ላንቺ አልደብቅሽም። ባለፈው ዓመት እዚሁ ሰፈር ሠርግ ተጠራን። ድግሱ የተደገሰው ለአንዱ ወገን ብቻ ነበር። «ሁለት ወጥ ቤት ወጪ ነው» አሉ። ስንት ዘመን አብረን የኖርን ጎረቤቶቻችን አንድ አንድ ለስላሳ ጠጥተው፣ ሙሽሮቹን መርቀው ወጡ። አልተቆጡም። ፊታቸው እንኳ አልከፋም። እኔ ግን ጉርሻው ጉሮሮዬ ላይ ቀረ። ጠብ አልነበረም እኮ። ማንም ማንንም አልሰደበም። የቀረው አንድ ድስት ነው።

አንቺ ያለሽበት አገር ነገር እኔንም ያስገርመኛል። ካናዳ የብዙ ባህሎችን አብሮ መኖር የመንግሥት ፖሊሲ ያደረገችው በነሱ አቆጣጠር በ1971 ነው። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ፒየር ትሩዶ ፓርላማ ቆመው ነበር ያወጁት። ከ17 ዓመት በኋላ፣ በ1988፣ ሕግ ሆኖ ጸደቀ። የቶሮንቶ ነዋሪ ደግሞ ግማሽ ያህሉ ከካናዳ ውጭ የተወለደ ነው። ሰው ቋንቋውንና ልብሱን ሳይጥል ዜጋ ይሁን ብሎ በሕግ መጻፍ ትልቅ ነገር ነው። አደንቃለሁ። ሚጡም በስሟ ሳታፍር እንድታድግ ያደርጋታል። ግን ሕጉ ድስት አይገዛም። እሱ የቤት ሥራ ነው፣ ያንቺና የጎረቤትሽ።

የባህል ቀኑንም አልጠላሁትም። ልጆቹ ይልበሱ፣ ይጨፍሩ፣ ይቅመሱ። የምፈራው እዚያው እንዳይቀር ነው። ጠረጴዛ ላይ ሰላሳ ዓይነት ምግብ ተደርድሮ፣ ማን የትኛውን እንደማይበላ ማንም ካልጠየቀ፣ አንዲት ልጅ ጥግ ይዛ ጭማቂዋን እየጠጣች ትውላለች። ያችን ልጅ እኔ ሠርጉ ላይ አይቻታለሁ።

«የአገር ምግብ» የሚለው ነገርም ቢሆን። ይኸው ሁለት ኪሎ በርበሬ ላክሁልሽ። ከዚህ በላይ የኛ የሚባል ምን አለ? ግን የበርበሬ ዘር መሠረቱ አሜሪካ ነው። ከኮሎምበስ ጉዞ በፊት ከዚያ ምድር ውጭ ማንም አያውቀውም ነበር። በቆሎውም፣ ድንቹም፣ በክረምት እሾሁን እያራገፍን የምንበላው በለስም እንደዚያው። ቡናው ደግሞ ከኛ ወጥቶ በየመን በኩል ዓለምን አዳረሰ። የደሴ ሰው «ፒያሳ እንገናኝ» ሲል ጣሊያንኛ እያወራ ነው። ሚጡ ይህን ትወቀው። የኛነቱን አይቀንሰውም። በርበሬውን ከነጭ ሽንኩርቱ፣ ከዝንጅብሉ፣ ከጥቁር አዝሙዱ ጋር አዋህዶ፣ ፀሐይ ላይ አስጥቶ በርበሬ ያደረገው የኛ እናቶች እጅ ነው።

የወሎ ዑለማዎች መንዙማውን፣ መንፈሳዊ ግጥማቸውን፣ አማርኛ አድርገው በዓረብ ፊደል እንደጻፉትም ንገሪያት። አጀሚ ይባላል። ፊደሉ ከሩቅ መጣ፣ ቋንቋው የእናታቸው ነው።

ባቲን ደግሞ እንዳትረሺ። ከአራቱ የዜማ ቅኝቶቻችን ሁለቱ፣ ባቲና አምባሰል፣ በወሎ ቦታ ስም የሚጠሩ ናቸው። ባቲ ገበያ ነው። ሰኞ ሰኞ አፋሩ ግመሉን ነድቶ ከበረሃው ይወጣል፣ ደገኛው እህሉን ይዞ ይወርዳል፣ ኦሮሞው አለ፣ አርጎባው አለ። የአክስቴ ባል በሦስት ቋንቋ ይከራከር ነበር። ኦሮሞውን «አካም ቡልተ» (እንዴት አደርክ) ሳይል ዋጋ አይጠይቅም። አፋሩ ጋ ሲደርስ ደግሞ በአፋርኛ ነው። ሙላቱ አስታጥቄ እንግሊዝና አሜሪካ ተምሮ የኛን ቅኝት ከጃዝ ጋር ያገናኘውም ሁለቱንም አጥብቆ ስለያዘ ነው። አንዱን ባያውቅ ኖሮ ምኑን ከምኑ ያገናኘው ነበር?

እንግዲህ ወደ ጥያቄሽ ልመለስ። ክትፎውን ተይው። ዶሮ ወጡንም ለቤት አስቀሪው። የጾም ሥሪላት። ምስር ወጥ፣ ሽሮ፣ ጎመን፣ ድንች በካሮት። በዘይት ብቻ። ሥጋ የለው፣ ቅቤ የለው፣ ወተት የለው፣ እንቁላል የለው። አይሁዳዊው ልጅ ሥጋና ወተት አብሮ አይበላም፣ ሂንዱዋ ልጅ ከብት አትነካም፣ ብዙዎቹ ሥጋ ጨርሶ አይቀምሱም፣ ሙስሊሙ ያላወቀውን ሥጋ አይበላም። የኛ ጾም ለሁሉም ይደርሳል። አባቶቻችን ለነፍሳቸው የደነገጉት ምግብ ለሚጡ ክፍል ልጆች ጠረጴዛ ሆነ፣ ይገርማል።

ግን መጀመሪያ ጠይቂ። መምህሯን «ማን ምን አይበላም?» በያት። ኩሽና ያለውን ሁሉ ደግሞ እይ። እዚያ የሚሸጠው እንጀራ ስንዴ ወይም ገብስ የሚቀላቀልበት አለ ብለሽኝ ነበር። ስንዴ የማይስማማው ልጅ ካለ ንጹህ ጤፍ ፈልጊ። ቆሎም ስለምልክልሽ ለውዙን ለቅመሽ አውጪው። ብዙ ትምህርት ቤት ለውዝ እንደማያስገባ ሰምቻለሁ። እሱ የማይስማማውን ልጅ የሚገድል ነገር ነው፣ አትቀልጂበት። ለውዝ በነካ እጅሽ ሌላውን እንዳትነኪ። አያትሽ ብትኖር ማንኪያውንም ትለይልሽ ነበር።

ሚጡ ጠረጴዛው ጋ ቆማ ስታሳልፍ ዝም ብላ «ኢንጂራ» እንዳትል። ስሙን በደንብ አስጠኛት። «ይሄ ሥጋ የለበትም፣ ቅቤ የለበትም፣ አንቺም መብላት ትችያለሽ» እንድትል አስተምሪያት። የመጀመሪያውን ጉርሻ ለማታውቃት ልጅ ትስጥ። መጀመሪያ ግን ትጠይቃት፣ እዚያ ሁሉ ሰው ከሰው እጅ መጉረስ አይወድም ይባላል።

ሌላው ሁሉ ደህና ነው። አባትሽ ሰላም ብሎሻል። በዓሉን ከነማን ጋር እንዳሳለፍሽ ጻፊልኝ።

በበርበሬው ከረጢት ጎን፣ በላስቲክ የተጠቀለለች ትንሽ ነገር ታገኛለሽ። ቀይ ክር ናት። ከአያትሽ መሳቢያ ያገኘኋት ናት፣ ያቺው ራሷ። ሚጡ እንግዲህ አደገች፣ አንድ ቀን ጓደኛዋን እራት ይዛ ትመጣለች። ድስቱን ከዚያው ግዢ።

እናትሽ፣
ደሴ