የጊዜ ሸማኔዎቹን መሥራች በተመለከተ

ሰላም ጓደኞች፣ እንዴት ከረማችሁ?

በጋራ በምንጽፈው ልብ ወለድ ውስጥ የጊዜ ሸማኔዎቹን ማኅበር መሥራች ነገር ሳንቋጭ ወደ ምዕራፍ 2 ባንሄድ ይሻላል። የላካችሁትን ሁሉ አንብቤያለሁ። አንዳንዶቻችሁ ንግሥት አድርጋችኋታል፤ እኔ አልስማማም። የዘጌ ሴት ትሁን፣ ቡናው ጥላ ሥር ቁጭ ብላ ጥጥ የምትፈትል። በእኛ አገር ልማድ ሴት ትፈትላለች፣ ወንድ ይሸምናል፤ እሷ ግን እንዝርቷን አስቀምጣ፣ እግሯን ሸማኔው ጉድጓድ ውስጥ ከትታ መወርወሪያውን ያነሳች ቀን አፈ ታሪኳ ይጀምራል። ድሩ ቀናቱ ናቸው፣ ማጉ ደግሞ ሰው በቀኑ የሚሠራው።

ከሁሉ የወደድኩት የጳጉሜን ሐሳብ ነው። 12ቱን ወር እኩል 30 ቀን አድርጋ ሸመነች፣ 5 ቀን ተረፋት። ከየዓመቱ የምትተርፈውን ሩብ ቀን ደግሞ እንደ ቁራጭ ክር አልጣለችም፤ አጠራቅማ በአራት ዓመት አንዴ፣ በዘመነ ሉቃስ፣ ጳጉሜ 6ን ሠራችባት። ይሄ በፍጹም እንዳይቀር!

የታንኳውን ትዕይንት ለጻፋችሁ፦ የጣና ታንኳ ደንገል ነው፣ ውሃ እየጠጣ ይከብዳል፣ ከሐይቁ ወጥቶ ፀሐይ ላይ መድረቅ አለበት። ስለዚህ የሽመና ዕቃዋን ሁሉ ጭናበት ቀኑን ሙሉ አትቅዘፍ።

ስም ገና የላትም። እስከ ዓርብ ላኩልኝ፤ ቅዳሜ ከሰዓት ባሕር ዳር፣ ሐይቁ ዳር እንገናኝና እንመርጣለን።